ግድብ ሌላ፣ ቦይ ሌላ፦ የመካከለኛው እስያ የውሃ ሙግት

በሰሜን አፍጋኒስታን ደረቅ ሜዳ ላይ አንድ ትልቅ ቦይ እየተቆፈረ ነው። ቆሽ ቴፓ ይባላል። ርዝመቱ 285 ኪሎ ሜትር፣ ስፋቱ 100 ሜትር ገደማ እንዲሆን ታስቧል። ቁፋሮው የተጀመረው በ2022 ነው (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ውሃው የሚጠለፈው ከአሙ ዳሪያ ነው። ይህ ወንዝ ከዚያ አልፎ ሲወርድ የቱርክሜኒስታንንና የኡዝቤኪስታንን ማሳ ያጠጣል። ስለዚህ የቦዩ አዲስ የሳተላይት ምስል በወጣ ቁጥር "ቀጣዩ ጦርነት የውሃ ነው" የሚል ርዕስ አይጠፋም።

በዚሁ ወሬ ውስጥ የታጂኪስታን የሮጉን ግድብና የኪርጊዝስታን የካምባራታ ግድብም ይነሳሉ። ሁሉም አንድ ላይ ይጨፈለቃሉ። ውዥንብሩም የሚጀምረው እዚህ ላይ ነው። የኃይል ማመንጫ ግድብ በዋናነት ውሃን ያቆያል፤ ተርባይኑን ካዞረ በኋላ መልሶ ይለቀዋል። የመስኖ ቦይ ግን ውሃውን ይዞ ይሄዳል። አብዛኛው ወደ ወንዙ አይመለስም። የአካባቢው አገሮች በግድብ ሲካረሩ ኖረው ኋላ ላይ መደራደር የቻሉት፣ በቦዩ ላይ ግን ግራ የተጋቡት በዚህ ልዩነት የተነሳ ይመስለኛል።

ባሕር የማይደርሱ ወንዞች

ሁለቱ ወንዞች አሙ ዳሪያና ሲር ዳሪያ ናቸው። በአካባቢው ቋንቋዎች "ዳሪያ" ማለት ራሱ ትልቅ ወንዝ ማለት ነው። ስለዚህ "የአሙ ዳሪያ ወንዝ" ስንል ወንዝ የሚለውን ቃል ሁለት ጊዜ እየጠራን ነው።

አሙ ዳሪያ ከፓሚር ተራሮች ይነሳል። ፓንጅና ቫክሽ የሚባሉ ሁለት ወንዞች ሲገናኙ ስሙን ያገኛል። ለረጅም ርቀት አፍጋኒስታንን ከሰሜን ጎረቤቶቿ የሚለይ ድንበር ሆኖ ይሄዳል። ከዚያ በቱርክሜኒስታንና በኡዝቤኪስታን በረሃ ውስጥ ያልፋል። አብዛኛው ውሃው ከታጂኪስታን ተራሮች የሚመጣ ነው። ሲር ዳሪያ ደግሞ በፈርጋና ሸለቆ ውስጥ ናሪንና ካራ ዳሪያ ሲጋጠሙ ይፈጠራል። ኡዝቤኪስታንን፣ ታጂኪስታንንና ካዛክስታንን ያቋርጣል። የእሱ ውሃ በብዛት የኪርጊዝስታን ነው።

የሁለቱም መድረሻ አራል ባሕር ነው። አራል ስሙ ባሕር ይሁን እንጂ ሐይቅ ነው፤ ወደ ውቅያኖስ የሚወጣበት በር የለውም። ይህ ለሙግቱ ትልቅ ትርጉም አለው። ወደ ውቅያኖስ በሚገባ ወንዝ ላይ ብዙ ውሃ "ያለ ጥቅም" ይፈሳል ብሎ መከራከር ይቻል ይሆናል። እዚህ ግን ከመንገድ የተወሰደች እያንዳንዷ ባልዲ ከሐይቁ ሂሳብ ላይ ትቀነሳለች።

ሂሳቡም በዓይን የሚታይ ሆኗል። በ1960 አራል ከዓለም ሐይቆች በስፋት አራተኛ ነበር፤ 68,000 ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ ይሸፍን ነበር። በሶቪየት ኅብረት ዘመን ለጥጥ ልማት ሲባል ሁለቱ ወንዞች በየቦዩ ተጠለፉ። ትልቁ የካራኩም ቦይ ነው። ሥራው በ1954 ተጀመረ፤ ርዝመቱ ከ1,300 ኪሎ ሜትር በላይ ደረሰ። አሙ ዳሪያን በቱርክሜኒስታን በረሃ ውስጥ አሻግሮ እስከ አሽጋባትና ከዚያም ወዲያ ይወስዳል። ሐይቁ እየሸሸ ሄደ። በ1980ዎቹ መጨረሻ ለሁለት ተከፈለ። የኡዝቤኪስታኗ ሞይናቅ የዓሣ ወደብ ነበረች፤ ዛሬ ውሃው ከ100 ኪሎ ሜትር በላይ ርቋታል። ጀልባዎቹ አሸዋ ላይ ቆመው ዝገዋል። ከደረቀው ወለል የሚነሳው ጨውና አቧራ ከማሳ ከታጠበ ኬሚካል ጋር ተቀላቅሎ በነፋስ ይበተናል።

አንድ ነገር እዚህ ላይ ልብ ይሏል። አራልን ያደረቀው በዋናነት ግድብ አይደለም። ቦይ ነው።

ተራራው ብርድ፣ ሜዳው ጥማት

"ክረምት" የሚለው ቃል ለአማርኛ አንባቢ ዝናብን ያስታውሳል። በመካከለኛው እስያ ነገሩ ሌላ ነው። ከታኅሣሥ እስከ የካቲት በረዶ ይወርዳል፤ በተራራማዎቹ አገሮች ሙቀቱ ከዜሮ በታች በብዙ ዲግሪ ይወርዳል። ስለዚህ "የብርድ ወራት" እና "የሙቀት ወራት" ብንል ይሻላል።

የላይኛው ተፋሰስ አገሮች ታጂኪስታንና ኪርጊዝስታን ናቸው። ተፋሰስ ማለት ዝናቡና የቀለጠው በረዶ ወደ አንድ ወንዝ የሚወርድበት አካባቢ ሁሉ ነው። ሁለቱ አገሮች ውሃ አላቸው፤ ዘይትና ጋዝ ግን እምብዛም የላቸውም። ብዙ ቤት የሚሞቀው በኤሌክትሪክ ነው። ኤሌክትሪኩም የሚመጣው ከግድብ ነው። ስለዚህ ውሃውን መልቀቅ የሚፈልጉት በብርድ ወራት ነው።

ሜዳው ላይ ያሉት ኡዝቤኪስታን፣ ቱርክሜኒስታንና ካዛክስታን ደግሞ ተቃራኒውን ይፈልጋሉ። ጥጥና ሩዝ ውሃ የሚጠጡት በሙቀት ወራት ነው። በብርድ ጊዜ የሚመጣ ብዙ ውሃ ለእነሱ ጎርፍ ነው።

እንግዲህ በግድብ ላይ የነበረው ጠብ ስንት ውሃ ለማን ይድረስ ከሚለው ይልቅ ውሃው መቼ ይለቀቅ በሚለው ላይ ያተኮረ ነበር ማለት ነው።

ሶቪየት ኅብረት ይህን የፈታው ሁሉንም ከሞስኮ በማዘዝ ነበር። በናሪን ወንዝ ላይ ያለው የቶክቶጉል ግድብ ለዚህ ጥሩ ማሳያ ነው። 19.5 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ውሃ ይይዛል። የተሠራው በ1970ዎቹ ሲሆን፣ ዋና ዓላማው ውሃውን አጠራቅሞ በሙቀት ወራት ለታችኛው መስኖ መልቀቅ ነበር። በምላሹ ኪርጊዝስታን በብርድ ወራት ከጎረቤቶቿ የድንጋይ ከሰል፣ ጋዝና ነዳጅ ታገኛለች። ከሞስኮ ሲያዩት አንድ አገር ስለሆነ ማንም ለማንም ደረሰኝ አይቆርጥም።

በ1991 ይህ ሁሉ ፈረሰ። አዲሶቹ አገሮች በየካቲት 1992 አልማቲ ላይ ተሰብስበው የድሮው የውሃ ክፍፍል እንዲቀጥል ተስማሙ። ክፍፍሉን የሚከታተል የጋራ ኮሚሽንም አቋቋሙ። ኮታው፣ ማለትም እያንዳንዱ አገር በዓመት የሚደርሰው ድርሻ፣ በወረቀት ላይ ሳይነካ ቆየ። ጋዙና ከሰሉ ግን በዓለም ገበያ ዋጋ መሸጥ ጀመረ። ኪርጊዝስታን መክፈል አቃታት። ጋዙ ሲቋረጥ እሷም ቶክቶጉልን በብርድ ወራት መክፈት ጀመረች።

ውጤቱ ታች ላይ ሁለት ጊዜ ታየ። በሙቀት ወራት ውሃ ጠፋ፤ በብርድ ወራት ደግሞ ጎርፍ መጣ። በረዶ የሠራው የሲር ዳሪያ የታችኛው ክፍል ያን ሁሉ ውሃ ማሳለፍ አይችልም። ካዛክስታን የቻርዳራ ግድቧ ሲሞላባት ትርፉ ወደ አርናሳይ ረባዳ መሬት ይለቀቃል። በዚህ ሳቢያ ኡዝቤኪስታን በረሃ ውስጥ ማንም ያላቀደው ሐይቅ እየሰፋ ሄደ። አራል እየደረቀ ለአራል የሚሆን ውሃ ሌላ ቦታ ይተኛል። ካዛክስታን በኋላ ኮክሳራይ የሚባል ማቆያ ሠራች። ሥራው የብርድ ወራቱን ውሃ ይዞ እስከ ሙቀት ወራት ማቆየት ነው። ማለትም ቶክቶጉል ድሮ ይሠራው የነበረውን በከፊል መተካት። ለአንድ ሥራ ሁለት ጊዜ ገንዘብ ወጣ።

በ1998 የሲር ዳሪያ አገሮች ነዳጅና ኤሌክትሪክን ከውሃ ጋር ለመለዋወጥ ተፈራርመው ነበር። ሐሳቡ ትክክል ነበር። አፈጻጸሙ ግን በየዓመቱ አዲስ ድርድር የሚጠይቅ ስለነበር ብዙም አልዘለቀ።

ከዛቻ ወደ አክሲዮን

የሮጉን ግድብ ታሪክ የዚህን ሙግት ሙቀት በደንብ ያሳያል። ቫክሽ ወንዝ ላይ የሚገኝ ነው። ሥራው በሶቪየት ዘመን በ1976 ተጀምሮ በአገሪቱ መፍረስና በእርስ በርስ ጦርነት ተቋረጠ። በ1993 ጎርፍ የተሠራውን ጊዜያዊ ግድብ ጠርጎ ወሰደው። ዕቅዱ ሲጠናቀቅ 335 ሜትር ከፍታ ይኖረዋል፤ 3,600 ሜጋ ዋት ያመነጫል። በከፍታ ከዓለም አንደኛ ይሆናል ማለት ነው። አሁን ከፍተኛ ከሚባሉት አንዱ የሆነው ባለ 300 ሜትሩ ኑሬክም እዚያው ወንዝ ላይ ከታች ነው ያለው።

የያኔው የኡዝቤኪስታን ፕሬዚዳንት እስላም ካሪሞቭ ግድቡን አጥብቀው ተቃወሙ። በ2012 የውሃ ውዝግቡ ወደ ጦርነት ሊያመራ እንደሚችል በአደባባይ ተናገሩ። ከዚያ ቀደም ብሎ በ2009 ኡዝቤኪስታን ከአካባቢው የጋራ የኤሌክትሪክ መስመር ወጥታ ነበር። ታጂኪስታን በ2008 ከባድ ብርድ መብራት ተቋርጦባት ስትሰቃይ የነበረችው በዚያው ሰሞን ነው። በታጂኪስታን ዋና ከተማ በዱሻንቤ ዓይን ሮጉን ለሕዝብ ሙቀትና ብርሃን ማግኛ ነበር። በኡዝቤኪስታን ዋና ከተማ በታሽኬንት ዓይን ደግሞ የጎረቤት እጅ ያለበት የቧንቧ መክፈቻ ነበር። ሁለቱም ስጋቶች መሠረት ነበራቸው።

ካሪሞቭ በ2016 ሞቱ። ተተኪያቸው ሻቭካት ሚርዚዮዬቭ አቅጣጫውን ቀየሩ። በ2018 ዱሻንቤን ጎበኙ፤ የግድብ ተቃውሞው ቀዘቀዘ። በዚያው ዓመት መጨረሻ የሮጉን የመጀመሪያ ተርባይን ሥራ ጀመረ። በጥር 2023 ደግሞ ኡዝቤኪስታንና ካዛክስታን ናሪን ላይ የሚሠራውን ካምባራታ-1 ግድብ ከኪርጊዝስታን ጋር በጋራ ለመገንባት የሥራ ዕቅድ ፈረሙ። አቅሙ 1,860 ሜጋ ዋት እንዲሆን የታቀደ ነው። ትናንት ግድብ የሚቃወም ዛሬ ባለድርሻ ሊሆን ነው።

ይህ የመሪ ለውጥ ውጤት ብቻ አይደለም። የታችኞቹ አገሮች የጋዝ ምርት ከፍላጎታቸው ጋር እኩል መራመድ አቅቶታል። በከባድ ብርድ መብራት የሚጠፋው አሁን በታሽኬንትም ጭምር ነው። ስለዚህ የላይኛው ግድብ ለእነሱም ኃይል ማግኛ ሆነ። ገንዘብ ያዋጣ ሰው ስለ አለቃቀቁ ድምፅ ይኖረዋል። የጊዜ ጠብ ለድርድር የሚመች ነው፤ ምክንያቱም የሚሰጥና የሚቀበል ነገር አለ። አንዱ በብርድ ኤሌክትሪክ ያገኛል፤ ሌላው በሙቀት ውሃ ያገኛል። ውሃው ራሱ ግን አልጠፋም።

ግድብ ምንም አይወስድም ማለት ግን አይደለም። ትልቅ ግድብ ሲሞላ ለዓመታት ከወንዙ ይቀንሳል፤ ከሞላም በኋላ ከገጹ ላይ የሚተን ውሃ አለ። የሮጉን ማጠራቀሚያ 13 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ገደማ ይይዛል። ሙሌቱ በስንት ዓመት ይጠናቀቅ፣ ድርቅ ቢመጣስ ምን ይደረግ የሚለው ተገቢ ጥያቄ ነው። ሆኖም ይህ ጥያቄ መጨረሻ አለው። ማጠራቀሚያው አንድ ቀን ይሞላል።

ቆሽ ቴፓ ለምን ይለያል?

ቦይ ግን አይሞላም። በየዓመቱ ይጠጣል።

ቆሽ ቴፓ 550,000 ሄክታር ገደማ መሬት እንዲያለማ የታሰበ ነው። ከባልክ ግዛት ተነስቶ ወደ ምዕራብ እስከ ፋርያብ ይዘልቃል። ሲጠናቀቅ በዓመት እስከ 10 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ሊወስድ ይችላል የሚሉ ግምቶች አሉ፤ ዝቅ ያለ ቁጥር የሚሰጡም አሉ። የአሙ ዳሪያ የረጅም ጊዜ አማካይ ፍሰት ከ70 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ትንሽ ከፍ ይላል። በደረቅ ዓመት ግን ከዚያ በብዙ ያንሳል። ደግሞም ያ ውሃ ቀድሞውኑ ሙሉ በሙሉ ተከፋፍሎ ያለቀ ነው። ወንዙ በብዙ ዓመታት አራል ሳይደርስ ይቀራል። አዲስ ተጠቃሚ ሲመጣ ከነባሮቹ ላይ መቀነሱ አይቀርም።

ብዙ ጊዜ የሚረሳው ግን የአፍጋኒስታን ክርክር ነው። የቦዩ ሐሳብ የታሊባን ፈጠራ አይደለም። በ1970ዎቹ፣ በፕሬዚዳንት ዳውድ ካን ዘመን የተነሳ ነው። ለአርባ ዓመት ጦርነት ውስጥ የነበረች አገር ሳትጠቀምበት ቀረች እንጂ መብቷን አልሸጠችም። ከተፋሰሱ ከፊሉ የእሷ መሬት ነው፤ ከወንዙ ውሃም የተወሰነው ከእሷ ተራሮች ይወርዳል። በ1992 አልማቲ ላይ አልተጠራችም፤ ስለዚህ ያ ኮታ እሷን አያስርም። በዚያ ላይ ቅር የሚያሰኝ ንጽጽር አለ። የካራኩም ቦይ ለአሥርት ዓመታት ከአሙ ዳሪያ በዓመት ከ10 ቢሊዮን ሜትር ኩብ በላይ ሲወስድ ቆይቷል። ከወንዙ ዳር ያለ የባልክ ገበሬ "እነሱ ሲወስዱ ልማት፣ እኛ ስንወስድ ጥፋት?" ቢል መልስ መስጠት ይከብዳል።

የታችኞቹ ስጋትም ቀላል አይደለም። በመጀመሪያ የሚጎዳው የወንዙ ጫፍ ላይ ያለው ሕዝብ ነው፤ ማለትም የኡዝቤኪስታን ኸዋሬዝምና ካራካልፓክስታን፣ የቱርክሜኒስታን ዳሾጉዝ። ካራካልፓክስታን በአራል መድረቅ አስቀድማ የተመታች ናት። እዚያ መሬቱ ጨዋማ ነው። ጥጥ ከመዘራቱ በፊት ጨው ለማጠብ ብቻ ብዙ ውሃ ይፈልጋል። ውሃው ሲቀንስ ምርት ብቻ አይደለም የሚቀንሰው፤ ጨው መሬት ውስጥ ይቀራል። ከዓመት ወደ ዓመት ይከማቻል።

በዓለም አቀፍ የውሃ ሕግ ሁለት መርሆዎች ጎን ለጎን ይቆማሉ። አንዱ ፍትሐዊና ምክንያታዊ አጠቃቀም ነው፤ ሌላው በሌሎች ላይ ጉልህ ጉዳት አለማድረስ። የላይኛው አገር የመጀመሪያውን ይጠቅሳል፣ የታችኛው ሁለተኛውን። ሕጉ ሁለቱን የሚያስታርቅ ቀመር አይሰጥም፤ ተነጋገሩ ነው የሚለው። ችግሩ እዚህ ጋ ድርድሩ ራሱ አስቸጋሪ መሆኑ ነው። የካቡል መንግሥት በዓለም አቀፍ ደረጃ ሰፊ እውቅና የለውም። እውቅና ከሌለው ጋር አስገዳጅ ውል መፈረም ለጎረቤቶቹ ያስቸግራል። ሚርዚዮዬቭ በመስከረም 2023 ዱሻንቤ ላይ አዲስ ተጠቃሚ መምጣቱን፣ እሱም ለሌሎቹ ምንም ግዴታ እንደሌለበት ጠቅሰው አፍጋኒስታንን ያካተተ የጋራ ቡድን እንዲኖር ሐሳብ አቅርበዋል። ቃላቸው የተለሳለሰ ነበር። ኡዝቤኪስታን ለአፍጋኒስታን ኤሌክትሪክ ትሸጣለች፤ ወደ ደቡብ ባሕር የሚወስድ የባቡር መስመርም በአፍጋኒስታን በኩል ማሳለፍ ትፈልጋለች። ማኩረፍ ያከስራታል።

በስርገት የሚጠፋው

የቆሽ ቴፓ አሳሳቢው ነገር ርዝመቱ ብቻ አይደለም፤ አሠራሩም ነው። ቦዩ አሸዋማ መሬት ላይ በቁፋሮ የወጣ ነው፤ ወለሉ በአብዛኛው በሲሚንቶ አልተለበጠም። ውሃ ወደ መሬት ይሰርጋል። በ2023 መጨረሻ ከቦዩ የፈሰሰ ውሃ በአቅራቢያው ሜዳ ላይ ተንጣሎ በሳተላይት ታይቷል። ይህ ለሁሉም ወገን ኪሳራ ነው። ያ ውሃ ለአፍጋን ገበሬም አልደረሰም፤ ለኡዝቤክም አልተረፈም። የከርሰ ምድር ውሃውን ከፍ አድርጎ ጨው ወደ ላይ ያመጣል፤ ካራኩም ላይ የደረሰው ይኸው ነው።

ግን ኡዝቤኪስታንና ቱርክሜኒስታንም በዚህ ለመምከር የሚያስችል ንጹሕ እጅ የላቸውም። የእነሱ የሶቪየት ዘመን ቦዮችም ያረጁ ናቸው። በአካባቢው ከሚወሰደው ውሃ 90 በመቶ ገደማ ለእርሻ ነው የሚውለው፤ ከዚህም ቀላል የማይባለው ክፍል ማሳ ሳይደርስ በስርገትና በትነት ይጠፋል። ታሽኬንት ቦይ በሲሚንቶ ማልበስና የጠብታ መስኖ ማስፋፋት ጀምራለች። በ2020 ደግሞ ገበሬው በግድ ጥጥ እንዲያመርት የሚያደርገውን የመንግሥት ትእዛዝ አንስታለች። ፍጥነቱ ያከራክራል እንጂ ስሌቱ ቀላል ነው። በድርድር አንድ ቢሊዮን ሜትር ኩብ ከጎረቤት ከማስመለስ፣ ከራስ ቦይ ላይ ማዳን ሳይቀል አይቀርም።

በትንሽ ወጪ ለውጥ እንደሚመጣ አንድ ማሳያ አለ። ካዛክስታን በዓለም ባንክ ድጋፍ በ2005 የኮክ አራል ግድብን ሠርታ ጨረሰች። 13 ኪሎ ሜትር ገደማ የሚረዝም፣ ከፍታው መጠነኛ የሆነ የአፈር ግድብ ነው። ሥራው የሰሜኑን ትንሽ አራል ከደቡቡ ለይቶ የሲር ዳሪያን ውሃ መያዝ ነው። የውሃው ከፍታ ከተጠበቀው ፈጥኖ ጨመረ፤ ጨዋማነቱ ቀነሰ፤ ዓሣ ተመለሰ። ደቡቡ ግን ከዚህ አልተጠቀመም። በ2014 ምሥራቃዊ ክፍሉ ሙሉ በሙሉ ደርቆ ታይቷል።

ጦርነት ይመጣል ወይ?

እስካሁን በመካከለኛው እስያ በውሃ የተነሳ ደም የፈሰሰው በትልቅ ግድብ ዙሪያ አይደለም። በኤፕሪል 2021 ኪርጊዝስታንና ታጂኪስታን ተጋጭተው ከ50 በላይ ሰዎች ሞቱ። መነሻው ኢስፋራ በምትባል ትንሽ ወንዝ ላይ ያለ ጎሎቭኖይ የተባለ የውሃ መጥለፊያ ጣቢያ ነበር። ድንበሩ ያልተሰመረበት ቦታ ስለሆነ የጣቢያው ባለቤትነት ራሱ አከራካሪ ነበር። በ2022 የባሰ ግጭት ተከተለ። በመጋቢት 2025 ግን ሁለቱ ፕሬዚዳንቶች ቢሽኬክ ላይ የድንበር ስምምነት ፈረሙ። ከዚህ የሚታየው፣ ጦር የሚያማዝዘው የወንዙ ትልቅነት ሳይሆን የመንደርተኞች ቅርበትና የድንበር አለመለየት መሆኑን ነው። ቆሽ ቴፓ በዚህ በኩል ይለያል። በሁለት መንደር መካከል ያለ ቦይ አይደለም። ጉዳቱም በአንድ ሌሊት አይመጣም።

ይልቅ የሚያሰጋው ቀስ ብሎ የሚመጣው ነው። ወንዞቹን የሚመግበው የተራራ በረዶና ግግር እየቀለጠ ነው። ግግር ሲቀልጥ መጀመሪያ ወንዙ ይጨምራል፤ ይህ ለጥቂት አሥርት ዓመታት የተትረፈረፈ ሊመስል ይችላል። ግግሩ ሲሳሳ ግን ፍሰቱ ይወርዳል፤ በተለይ በሙቀት ወራት መጨረሻ፣ ሰብሉ በጣም በሚጠማበት ሰዓት። ቦይ የሚቆፈረው አሁን ባለው ፍሰት ልክ ነው። መሬት ከለማ፣ ሰው ከሰፈረ በኋላ ደግሞ ውሃውን ቀንስ ማለት ለማንም መንግሥት ከባድ ነው።

ስለዚህ የሚጠበቀው ፈተና ቦዩ በሙሉ አቅሙ ሲሠራ አንድ ደረቅ ዓመት የሚገጥም ጊዜ ነው። የአምስቱ አገሮች የውሃ ኮሚሽን ኮታ የሚደለድለው ዓመቱን ለሁለት ከፍሎ ነው፤ አንዱ ለመስኖው ወቅት፣ ሌላው ከዚያ ውጭ ላሉት ወራት። አሙ ዳሪያ ላይ የሚቀነሰው ከማን እንደሆነ የሚወሰነው እዚያ ስብሰባ ላይ ነው። በዚያ ጠረጴዛ ዙሪያ ለካቡል እስካሁን ወንበር አልተዘጋጀም።